ለጥር ደጋሾች የቀረበ ውዳሴ

ዓመቱ 13 ወር አለው። ብልህ ሠርግ ደጋሽ ግን 12ቱን ለሰነፎች ትቶ ጥርን ይመርጣል። ገና ሲያልፍ ድሬዳዋ ላይ ከሳቢያን እስከ መጋላ የጥሪ ካርድ ያልደረሰው ሰው ካለ ወይ ከተማ ቀይሯል፣ ወይ ባለፈው ዓመት መዋጮ ሳይከፍል ቀርቷል።

ምክንያታቸው ሃይማኖታዊ ስለሆነ ደፍሮ የሚከራከር የለም። ኅዳር 15 የነቢያት ጾም ይገባል፤ እስከ ገና ተክሊልም ጮማም የለም። ከገና እስከ ዐቢይ ጾም ደግሞ ጊዜው አጭር ነው። ነነዌ በፊናዋ ሦስት ቀን ትቆርጣለች፤ በአንዳንድ ዓመት ጭራሽ ጥር 17 ላይ ከች ትላለች። እስላም ጎረቤቶቻችንም ከግፊያው አላመለጡም፤ ከቅርብ ዓመታት ወዲህ ረመዳንና ዐቢይ ጾም ተቀራርበው ስለሚገቡ ኒካሑም ተክሊሉም አንድ ሰሞን ላይ ይጋፋል። ድሬ ላይ ጎረቤት ሃይማኖት አይለይ፤ ሁለቱንም ካርድ ተቀብለህ ሁለቱም ቤት ትገኛለህ።

«ጥቅምትስ ምን አደረገ? ወሩ ሙሉ ፍስክ አይደል?» የሚል ነገር ያልገባው ሰው አይጠፋም። አቦ ተወው! በጥቅምት የተጠራ እንግዳ ሌላ ሠርግ የለበትም፤ ተዝናንቶ ይመጣል፣ ተዝናንቶ ይበላል፣ ኪሱም ውስጥ ገንዘብ አለ። ታዲያ ክብሩ ምኑ ላይ ነው? ክብር ማለት የጠራኸው ሰው ሌላ ሦስት ሠርግ ትቶ፣ ሦስት ዘመድ አስቀይሞ፣ ተበድሮ ሲመጣልህ ነው።

አርቆ አሳቢው ደጋሽ ዝግጅቱን የሚጀምረው ከቁልቢ ነው። ታኅሣሥ 19 ለገብርኤል ከአዲስ አበባም ከባሕር ማዶም የመጣ ዘመድ ስለቱን አግብቶ፣ ገናን በልቶ ሊሄድ ሻንጣውን ሲያነሣ «የእህትህን ልጅ ሠርግ ሳትበላ?» ተብሎ ይያዛል። ቲኬቱን ያስቀይራል። ከቁልቢው ገብርኤል የተረፈለትን ገንዘብ የሠርጉ ኮሚቴ ይረከበዋል። ሰውየው ዕረፍት ሊያደርግ ነበር የመጣው፤ አሁን ቀፊራ ገበያ ገብቶ በግ ሲጎትት ታገኙታላችሁ። ያውም በበዓል ሰሞን ዋጋ!

ከሁሉ ይልቅ የማደንቀው ግን ጥር 12ን የሚመርጠውን ነው። በከተራ ታቦት ወርዷል፣ ጥምቀት ተከብሯል፣ ሰው እግሩ አብጧል፤ እሱ «ቃና ዘገሊላ እኮ የሠርግ ቀን ነው» ብሎ ካርድ ይበትናል። እውነቱን ነው። እዚያ ቃና ላይ ወይን ጠጅ ያለቀባቸው ደጋሾች ግን ውኃውን ወይን የሚያደርግ እንግዳ ጠርተው ነበር። የእኛዎቹ የጠሩት እኔን ነው። ጋኑ ሲጎድል የሚሞላው በእኔ ቴሌብር ነው፤ ኮሚቴውም የከፈለና ያልከፈለ ሰው ስም ዝርዝር ለሁሉም ይልካል፣ ፍቅር እንዳይደበቅ ብሎ።

በዚያው ቀን የሚካኤል ታቦት ወደ መንበሩ ሲመለስ የሠርጉ አጀብ ከወዲያ ጡሩንባውን እያንባረቀ ይደርሳል። ደቻቱ ድልድይ ላይ ባጃጅ፣ መዘምራን፣ ሙሽራ፣ ከመኪናው መስኮት እስከ ወገቡ የወጣ ቪዲዮ ቀራጭ። ታቦት ያልፋል፤ ሙሽራ ይቆማል። ከዚያ ባቡር ጣቢያው ፊት ለፎቶ ወረፋ አለ። ቬሎው ሁሉ አንድ ዓይነት ነጭ፣ ሱፉ ሁሉ አንድ ዓይነት ሰማያዊ ስለሆነ አንዱ ሚዜ ተሳስቶ የሌላ ሰው ሙሽራ ቀሚስ ሲያነሣ አይቻለሁ። ማንም አልነገረው፤ ጥሩ አድርጎ ይዟል።

ዲኮሩን ሳላመሰግን ባልፍ ግፍ ይሆንብኛል። ዘንድሮ በአንድ አዳራሽ ከጣሪያው የጥጥ በረዶ ወርዶ፣ ነጭ የፕላስቲክ ዛፍ ቆሞ ጠበቀን። የድሬ ጥር ጠዋት ጃኬት ያስለብሳል፣ አይካድም። ቀትር ላይ ግን ሙሽራው በሙሉ ሱፉ ከበረዶው ሥር ተቀምጦ ላቡ በአንገቱ ሲወርድ፣ የሚዜዋ ሥራ በሶፍት መጥረግ ብቻ ሆነ። በረዶ መጋላ ጭማቂ ቤት ካልሆነ የት አይተን እናውቃለን?

ሴቶቹማ የባሰ አለባቸው። ለእያንዳንዱ ሠርግ የዘመድ አንድ ዓይነት ልብስ ይወሰናል፤ ጨርቁ እዚሁ ድሬ ታይዋን ገበያ ይገዛል፣ ይሰፋል፣ አንድ ቀን ይለበሳል። በሚቀጥለው እሑድ ሌላ ዘመድ፣ ሌላ ቀለም።

አሁን ደግሞ ወደ እድራችን ልውሰዳችሁ። ዕቃ ጠባቂው ጋሼ የድንኳኑን፣ የአግዳሚውንና የብረት ድስቱን ነገር የሚጽፉበት ጫፉ የተጣጠፈ ደብተር አላቸው። ጥር ላይ ገጹ አይበቃም፤ በኅዳጉ ላይ ይጽፋሉ። ባለፈው አንዲት የሙሽራ እናት መጡ።

«ጋሼ፣ ለእሑድ ድንኳኑን ፈልጌ ነበር።»

«ለደስታ ነው ለሐዘን?»

«ኧረ ለደስታ!»

«ወይኔ እትዬ፣ ለሐዘን ቢሆን ይሻልዎት ነበር። ሐዘን ቅድሚያ አለው። ለደስታ አራተኛ ነዎት።»

እትዬ ትንሽ አሰቡ። የማን ለቅሶ ሊሆን እንደሚችል ያሰቡ ይመስለኛል። በሰፈራችን አልጋ የያዙ አንድ አዛውንት አሉ፤ በጥር ጠያቂያቸው ይበዛል። የሚጠይቃቸው ሁሉ ግንባራቸውን ስሞ «እስከ የካቲት እግዜር ያቆይልን» ይላቸዋል። እሳቸውም ወግ አዋቂ ናቸው፤ እስካሁን ቆይተውልናል።

በአንድ እሑድ ሁለት ካርድ የደረሰውስ? ምሳውን ድሬ በልቶ ለማታው ሐረር ይወጣል። ባቡሩ ዳገቱን ፈርቶ ሐረርን ትቶ በድሬ በኩል ያለፈ ጊዜ፣ መሐንዲሶቹ ጥሬ ሥጋ በልቶ የደንገጎን ዳገት በሚኒባስ የሚወጣ የሠርግ እንግዳ ይኖራል ብለው አላሰቡም። ሐረር ሲደርስ «ምነው አልበላህም? ቤታችንን ንቀህ ነው?» ይባላል። ይበላል። በማግሥቱ መልስ አለ፣ ከዚያ ቅልቅል። ለሁሉም ፈቃድ ጠይቆ ከሥራ ይቀራል፤ አለቃውም አይቆጣም፣ እሱም የለማ።

ከዚያ ዐቢይ ጾም ይገባና 55 ቀን ሽሮ እንበላለን። ለጽድቅ ነው እንላለን፤ ባለሱቁ ግን በዱቤ የወሰድነውን ያውቃል። እኔ ስሌቴን ሠርቼ እስከ ሆሳዕና ዕዳዬን እንደምጨርስ አረጋግጬ ነበር። ትናንት ማታ በር ተንኳኳና አንድ ልጅ ወርቃማ ካርድ ሰጠኝ፤ ለዳግማ ትንሣኤ ነው። ጥር ላይ አዳራሽ ያጡ ናቸው።