ፓነሉ ሳይሆን ግሬደሩ

የፀሐይ ኃይል ደጋፊ ነኝ። ይህን አስቀድሜ የምናገረው ቀጥሎ የምለው ተጣሞ እንዳይነበብ ነው። ንጹሕ ኃይል ስለተባለ ብቻ መሬቱ ላይ የሚደርሰውን አይተን እንዳላየን ማለፍ የለብንም።

በካሊፎርኒያ፣ ሞሃቪ በረሃ ውስጥ ያለውን የኢቫንፓ ማመንጫ እንመልከት። ሥራ የጀመረው እ.ኤ.አ. በ2014 ነው። 14 ስኩዌር ኪሎ ሜትር ገደማ ላይ የተተከሉ መስተዋቶች ብርሃኑን ወደ ሦስት ማማዎች ይልካሉ። ቦታው ግን ባዶ አልነበረም። የበረሃ ኤሊ ቤት ነበር። ኤሊዋ ከ1990 ጀምሮ በሕግ ጥበቃ የሚደረግላት ናት። ከተጠበቀው በላይ ኤሊዎች ስለተገኙ በ2011 የግንባታው አንድ ክፍል እንዲቆም ተደርጎ ነበር። ማመንጫው ሥራ ሲጀምር ደግሞ በጨረሩ መሃል የሚያልፉ ወፎች ላባቸው እየተቃጠለ ወደቁ።

ይህ ታሪክ በተነሳ ቁጥር "ሶላር የተፈጥሮ ጠላት ነው" የሚል አይጠፋም። አይደለም። ወፎቹን ያቃጠለው ብርሃንን አንድ ቦታ የሚሰበስበው የመስተዋት ቴክኖሎጂ ነው። ጣሪያ ላይ የምናየው ፓነል እንዲህ ያለ ጨረር የለውም። (እሱም ቢሆን ጣጣ አያጣም። ገጹ ውሃ የሚመስላቸው ነፍሳት እንቁላላቸውን ይጥሉበታል። ነጭ መስመር ሲሰመርበት ግን የሚሳቡት ነፍሳት እንደሚቀንሱ ታይቷል።)

ትልቁ ጉዳት የሚደርሰው አንድም ፓነል ከመተከሉ በፊት ነው። መሬት የሚደለድለው ግሬደር ሲገባ። የበረሃ አፈር ላዩ ሕይወት አለው። በዓይን የማይታዩ ተሕዋስያንና የድንጋይ ሽበት እንደ ቅርፊት ሸፍነው ከነፋስ ይጠብቁታል። ያ ቅርፊት አንዴ ከተፈረካከሰ ለማገገም አሥርት ዓመታት ይፈጅበታል። አፈሩም አቧራ ይሆናል። አቧራው ተመልሶ ፓነሉ ላይ ያርፍና የሚያመነጨውን ኃይል ይቀንሰዋል። መሬቱን የጎዳ ራሱንም ጎዳ ማለት ነው።

መሬቱ ቀድሞውኑ የተጎዳ ሲሆን ደግሞ ነገሩ ይገለበጣል። በአሜሪካዋ ሚኒሶታ ሁለት የፀሐይ ኃይል ማመንጫዎች የተተከሉት ሲታረስ በኖረ መሬት ላይ ነው። በፓነሎቹ መካከል የአገሩ ሣርና አበባ ተዘራ። ተመራማሪዎች ከ2018 እስከ 2022 እየተመላለሱ ነፍሳቱን ቆጠሩ። የነፍሳቱ ብዛት በሦስት እጥፍ አደገ፤ የአገሩ ንቦች ደግሞ በ20 እጥፍ። ይህን ሳነብ በጣም ደስ አለኝ። ያውም ፓነል ሲግል ጉልበቱ ስለሚቀንስ፣ ሥሩ ያለው ዕፅዋት አየሩን ሲያቀዘቅዝለት ይጠቀማል። ሣሩ ሲረዝም በጎችን ማሰማራት ነው፤ በተግባር እየተሠራበት ነው።

እንግዲህ ቦታ መምረጥ ላይ ነው ጭንቁ። ፈረንሳይ በ2023 ባወጣችው ሕግ ከ1,500 ካሬ ሜትር በላይ የሆኑ የመኪና ማቆሚያዎች ቢያንስ ግማሻቸው በፓነል እንዲሸፈን አዝዛለች። አስፋልት ላይ የሚፈናቀል ኤሊ የለም። ጣሪያውም እንደዚያው።

ይህ ሁሉ አይበቃም፣ ሰፊ መሬት ያስፈልጋል ከተባለም እሺ። ግን ፈቃድ ሰጪው ስለ ሜጋዋቱ ከመጠየቁ በፊት እነዚህን ይጠይቅ፦ እዚህ ምን ይኖር ነበር? አፈሩ ይገፈፋል ወይስ ምሰሶው ብቻ ይተከላል? ምን ይዘራበታል? አጥሩስ ከሥሩ ቀበሮ የሚያሾልክ ክፍተት አለው?