ይግባኝ ብላችሁ የምትቀሩ ወገኖቼ

ወገኖቼ፣ አዝኜባችኋለሁ። ልደታ ፍርድ ቤት በሄድኩ ቁጥር የማየው ነገር ዝም አላስብል ብሎኛል። ችሎት አስከባሪው በር ላይ ወጥቶ ስም ይጠራል። መልስ ሰጪው፣ ይግባኝ የተባለበት ወገን፣ ብድግ ይላል፤ ይግባኝ ባዩ ግን የለም። ደግሞ ይጠራል፤ የለም። መዝገቡ ይዘጋል። ሰውዬው ወረቀቱን በፌስታል ይዞ እያለከለከ ሲደርስ ችሎቱ ወደ ሌላ ጉዳይ አልፏል።

ይግባኝ ያላችሁት እኮ እናንተው ናችሁ! የውሳኔ ግልባጭ አውጥታችሁ፣ ዳኝነት ከፍላችሁ፣ በ60 ቀን ውስጥ አቤቱታችሁን አስገባችሁ። መልስ ሰጪ ሳይጠራ እዚያው የሚሰናበት ይግባኝ አለ፤ የእናንተ ግን «ያስቀርባል»፣ መልስ ሰጪው ተጠርቶ ይከራከር፣ ተባለ። ዳኞቹ ቅሬታችሁ ውስጥ የሚመረመር ነገር አይተዋል ማለት ነው። ታዲያ በዚህ ቀን ይቀራል?

የመጀመሪያ ክስ ሁለቱም ወገኖች ቀርተው ቢዘጋ፣ ዳኝነት ከፍሎ እንደገና መክሰስ ይቻላል። ይግባኝን እንደዚያ አትቁጠሩት። 60 ቀኑ አልፏል፤ የሥር ፍርድ ቤት ውሳኔ እንደጸና ይቀራል፤ ባላጋራችሁም ውሳኔውን ለማስፈጸም የአፈጻጸም መዝገብ ይከፍታል። የምትሟገቱበትን ቤት የምታጡት ተከራክራችሁ ተረትታችሁ ሳይሆን ሳትሰሙ ነው። እኔን የሚያንገበግበኝ ይሄ ነው።

አባቶቻችን «በሕግ አምላክ» ሲባሉ መንገድ ላይ ቀጥ ብለው ይቆሙ ነበር። ከሳሽና ተከሳሽ ነጠላቸውን ቋጥረው አብረው ዳኛ ፊት ይሄዱ ነበር። ያን ቋጠሮ ያከበረ ሕዝብ ልጆች ሆነን ቀጠሮ እንዴት ያቅተናል?

«ጠበቃ አለኝ» ብላችሁም አትተኙ፤ ቀኑን ራሳችሁ ያዙ። በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ይግባኙ ጊዜው ያለፈው በጠበቃ ወይም በወኪል ጥፋት ከሆነ በቂ ምክንያት አይደለም ይላል። ለቅሶ፣ ሕመም፣ ሩቅ አገር መሄድ ይኖራል፤ ሰው ነን። ግን አስቀድማችሁ ለትዳር ጓደኛችሁ፣ ለልጃችሁ ወይም ለወንድማችሁ ውክልና ስጡ።

መልስ ሰጪዎችም «እኔ ረትቻለሁ» ብላችሁ ቤት አትቀመጡ፤ መጥሪያ ደርሷችሁ ከቀራችሁ ክርክሩ በሌላችሁበት ይሰማል።

ዛሬ መዝገቡ የተዘጋበት ካለ ደግሞ ለቅሶ አይቀመጥ። ያገደው እውነተኛ ምክንያት ከሆነ በአንድ ወር ውስጥ መዝገቡ እንዲከፈት ማመልከት ይችላል። የሐኪም ወረቀቱን፣ የፖሊስ ማስረጃውን፣ ያለውን ሁሉ አያይዞ ነገ ጠዋት ሬጅስትራር ዘንድ ይሂድ።

ቀጠሮ ያላችሁ ወረቀታችሁን አሁኑኑ አውጡ። ቀኑን፣ ሰዓቱን፣ የችሎቱን ቁጥር እዩ። ጠዋት 3 ሰዓት ከተባለ 2 ሰዓት ተኩል ላይ በሩ ጋ ሁኑ።