ስንቁን ማን ፈጨው?

ባለፈው ሐምሌ በምኖርባት የሜሪላንድ ከተማ ቤተ መጻሕፍት ከሚሰበሰቡ አንባቢያን ጋር ጌቲስበርግ ሄጄ ነበር። ከእኛ ሰፈር በመኪና አንድ ሰዓት ተኩል ቢያስኬድ ነው። እ.ኤ.አ. በሐምሌ 1863 የአሜሪካ የሰሜንና የደቡብ ጦር እዚያ ሜዳ ላይ ሦስት ቀን ተፋጅቶ ከሁለቱም ወገን 50 ሺህ ያህል ሰው ሞቷል፣ ቆስሏል፣ ወይም የገባበት ጠፍቷል። አብረውኝ የሄዱት አብዛኞቹ ጡረተኞች ናቸው። ሁሉም አንድ ዓይነት መጽሐፍ ይዘዋል፤ ማይክል ሻራ ስለዚያ ጦርነት የጻፈውንና እ.ኤ.አ. በ1975 የፑሊትዘር ሽልማት ያገኘውን «ዘ ኪለር ኤንጅልስ» የተሰኘ ልብ ወለድ።

ሊትል ራውንድ ቶፕ ከሚባለው ኮረብታ ስንወጣ በከዘራ የሚሄዱ አንዲት ሴት መጽሐፋቸውን ገለጡ። የሜይን ክፍለ ሀገር ወታደሮች ጥይት አልቆባቸው ሳንጃ ሰክተው ቁልቁል የተወረወሩበትን ገጽ፣ ከዚያው ቁልቁለት አፋፍ ላይ ቆመው አነበቡልን። ድምፃቸው ይንቀጠቀጥ ነበር። አንድም ሰው አላወራም። ነፋሱን ብቻ እሰማ ነበር።

ስንወርድ ሴትዮዋ ክንዴን ያዝ አድርገው «ስለ እናንተ አገር ጦርነትስ ምን እናንብብ?» አሉኝ። ሁለት ሦስት መጽሐፍ ነገርኳቸው፤ በማስታወሻቸው ጻፉ። ቀጥለው «አንተ በተወለድክበት መንደር ስለሆነውስ?» ሲሉ ግን መልስ አጣሁ።

የተወለድኩት ጎጃም፣ ደምበጫ አካባቢ ነው። ታሪክ ያልነካው ስፍራ አይደለም። ጥር 12 ቀን 1933 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥቱ ከሱዳን ተሻግረው ኦሜድላ ላይ ሰንደቅ ዓላማ ካቆሙ በኋላ፣ እንግሊዛዊው ዊንጌት የሚመራው ትንሽ ጦርና አርበኛው ጣሊያንን እየገፉ የሄዱት በእኛ ደጅ ነው፤ ከበላያ ወደ ቡሬ፣ ከቡሬ ወደ ደምበጫ፣ ከደምበጫ ወደ ደብረ ማርቆስ። ከዚያ በፊት አምስት ዓመት ሙሉ የጎጃም ገበሬ በየጥሻውና በየገደሉ ሲዋጋ ኖሯል። ያ ሁሉ ሆኖ፣ አንዲት የሜሪላንድ ጡረተኛ ደምበጫን ለማወቅ እጃቸው ላይ ሊይዙት የሚችሉት ልብ ወለድ አላገኘሁላቸውም።

የውጭ አገር ሰዎች ግን ጽፈውታል። ከዊንጌት ጋር የዘመቱት ዊልፍሬድ ቴሲጀር በስተርጅና ባሳተሙት የሕይወት ታሪካቸው ውስጥ የጎጃም ዘመቻ አለ። ከቤተ መጻሕፍቱ አውጥቼ አንብቤዋለሁ፤ ለደራሲውም አክብሮት አለኝ። ነገር ግን አገሬን ከፈረሰኛ ኮርቻ ላይ ሆኜ ሳያት የመጀመሪያዬ ነበር። ገበሬው መንገድ ያሳያል፣ ማር ያመጣል፣ ከዚያ ከገጹ ይወጣል። ወደ ቤቱ ተከትሎት የሚገባ የለም።

እኔ ያንን ቤት አውቀዋለሁ። አያቴ በጣሊያን ጊዜ ገና ለአቅመ ሔዋን ያልደረሰች ልጅ ነበረች። ማታ ማታ ከምድጃው ዳር ሆና የምትነግረን ስለ ውጊያ አልነበረም፤ ስለ ወፍጮ ነበር። እናቷ ሌሊት ትፈጫለች። የድንጋዩ ድምፅ ሩቅ እንዳይሰማ ከወፍጮው ሥር ቁርበት ታነጥፋለች። በሶው በአንድ ስልቻ፣ ቆሎው በሌላ፣ ድርቆሹ በሦስተኛው። አያቴ ሁለት ታላላቅ ወንድሞች ነበሯት። አንደኛው በረሃ ወርዷል፤ ሁለተኛው ከባንዳ ጋር ሆኖ ሊሬ ይከፈለዋል። እናታቸው ለሁለቱም ፈጭታለች። አያቴ ይህንን ስትናገር ድምፅዋን ዝቅ አታደርግም፣ ከፍም አታደርግም።

ግመሉንም የነገረችን እርሷ ናት። ከሱዳን በሺህ የሚቆጠሩ ግመሎች ጭነት ይዘው ተነሥተው አብዛኞቹ በየመንገዱ አልቀዋል፤ የቆላ እንስሳ ለደጋው ብርድና ዳገት አልሆነም። ጥቂቶቹ እኛ ጋ ሲደርሱ የመንደሩ ልጆች ግመል አይተው አያውቁም ነበር። «እንደሚጸልይ መነኩሴ ከንፈሩን ያንቀሳቅሳል» ትል ነበር አያቴ። አንዱ ወንዙ ዳር ወድቆ ቀረ። ሴቶቹ ውኃ ሊቀዱ ሲወርዱ ሦስት ቀን እያዩት አለፉ፤ በአራተኛው ቀን ጅብ ጨረሰው። አንድ ልብ ወለድ ከዚህ በላይ ምን መነሻ ይፈልጋል?

ያየ ሰው ካልጻፈው አይጻፍም የሚሉ ወዳጆች አሉኝ። አልቀበላቸውም። ቶልስቶይ የተወለደው ናፖሊዮን ሩሲያን ከወረረ 16 ዓመት በኋላ ነው፤ «ጦርነትና ሰላም»ን ሲጽፍ ቦሮዲኖ ድረስ ሄዶ የጦርነቱን ሜዳ ዞሮ አይቷል። ናይጄሪያዊቷ ቺማማንዳ አዲቺ በአገሯ የተካሄደው የቢያፍራ ጦርነት ካበቃ ከሰባት ዓመት በኋላ ተወልዳ «ሃፍ ኦፍ ኤ የሎው ሰን»ን ጽፋለች፤ ሁለቱም ወንድ አያቶቿ በዚያ ጦርነት ነው ያለፉት። ይህንን መጽሐፍ ጦርነት የነካው አገር ልጅ ሁሉ ቢያነበው እወዳለሁ። ግንባር ላይ ብዙ አይቆይም፤ ልብ ብሎ የሚከታተለው አንድ ቤተሰብ ከሳሎን ወደ ኪራይ ክፍል፣ ከዚያም ምግብ ለመቀበል ወደሚቆሙበት ሰልፍ እንዴት እንደወረደ ነው።

የእኛዋ ማዛ መንግሥቴም እንዲሁ አድርጋለች። እ.ኤ.አ. በ2019 ያወጣችውና በዓመቱ ለቡከር ሽልማት ከመጨረሻዎቹ እጩዎች አንዱ የነበረው «ዘ ሻዶው ኪንግ» የጣሊያንን ወረራ በአንዲት አገልጋይ ልጅ በኂሩት በኩል ይነግረናል። ለጌቲስበርጓ ሴትዮ በመጀመሪያ የጠራሁላቸው እርሱን ነው። ደራሲዋ የገዛ ቅድመ አያቷ የአባቷን ጠመንጃ ይዛ መዝመቷን የሰማችው መጽሐፉን እየጻፈች ሳለ ከእናቷ አፍ ነው። ያንን ስሰማ ቤቴ ውስጥ ቆሜ ቀረሁ። ስንቶቻችን ነን ይህን የመሰለ ታሪክ በቤታችን እያለ ሳንጠይቅ የቀረነው?

ሁለተኛው የበዓሉ ግርማ «ኦሮማይ» ነው፤ ስለ ራሱ ዘመን ጦርነት፣ ደርግ ኤርትራ ውስጥ ስላካሄደው ቀይ ኮከብ ዘመቻ በ1975 ዓ.ም. አውጥቶት፣ እርሱ ራሱ በ1976 ዓ.ም. የካቲት ወጥቶ አልተመለሰም። ሦስተኛውን ብዙ አማርኛ አንባቢ አያውቀውም። ገብረየሱስ ኃይሉ የተባሉ ኤርትራዊ ቄስ በትግርኛ የጻፉት፣ ጣሊያን ለሊቢያ ጦርነት ስለወሰዳቸው የሐበሻ ወታደሮች የሚናገር አጭር ልብ ወለድ ነው። ከዛሬ ዘጠና ዓመት በላይ በፊት የተጻፈ መጽሐፍ፣ ለቅኝ ገዢ ሲሉ ሌላውን ቅኝ ተገዢ የሚወጉ ሰዎችን በእንዲህ ያለ ርኅራኄና በእንዲህ ያለ ቁጣ ማሳየቱ እስካሁን ይደንቀኛል። ስለ ባንዳ ለመጻፍ የሚያስብ ሁሉ ከዚያ ይጀምር።

ወደ አማርኛው ስመለስ አንድ ነገር ያስተዛዝበኛል። ታሪካዊ ልብ ወለዳችን ንጉሥ ይወዳል፤ ከነገሥታቱም መካከል ቴዎድሮስን። ከጎጃም፣ ከአቸፈር የተነሣው አቤ ጉበኛ «አንድ ለናቱ»ን የጻፈው ስለ እርሳቸው ነው፤ ብርሃኑ ዘሪሁንም «የቴዎድሮስ ዕንባ»ን። ሁለቱንም እወዳቸዋለሁ። «አንድ ለናቱ»ን ያነበብኩት ሽፋኑ ተገንጥሎ ከእጅ ወደ እጅ ሲዞር፣ ለሁለት ሌሊት ብቻ ተውሼ፣ በኩራዝ ነው። ዛሬም ቢገኝ ተሻምታችሁ አንብቡት እላለሁ። ይሁን እንጂ ጀርመናዊው ሬማርክ አንደኛውን የዓለም ጦርነት ሲጽፍ የመረጠው ካይዘሩን አልነበረም፤ ከትምህርት ቤት ወንበር ተነሥቶ የዘመተ አንድ ልጅ ነበር። ናዚዎች እ.ኤ.አ. በ1933 መጽሐፉን ያቃጠሉትም ያ ልጅ የፈራውንና የራበውን ሳይደብቅ ስለተናገረ ነው።

ለእኔ በጎጃም ምድር ላይ ከተጻፉት ውጊያዎች ሁሉ የሚበልጠው በጦርነት መጽሐፍ ውስጥ አይደለም። «ፍቅር እስከ መቃብር» ውስጥ ነው። ሰው ሁሉ ስለ በዛብህና ስለ ሰብለ ወንጌል ያለቅሳል፤ እኔ ደግሞ እነ አበጀ በለው ላይ ስደርስ እቆማለሁ። ፊታውራሪ መሸሻ ያላግባብ የጣሉባቸውን አንከፍልም ያሉ ባላገሮች ጌታቸውን ገጥመው ሲማርኩ፣ ያ ገበሬ ጠመንጃ ለምን እንዳነሣ ከጎተራው ጀምረን እናውቃለን። ሐዲስ ዓለማየሁ ጦርነትን በወሬ የሚያውቁ ሰው አልነበሩም። ሽሬ ላይ ተዋግተዋል፤ ከራስ እምሩ ጋር ተማርከው ዓመታት በጣሊያን እስር ቤቶች ቆይተዋል። ያንን ሁሉ «ትዝታ» በተሰኘው መጽሐፋቸው የጻፉት በስተርጅናቸው ነው፤ ልብ ወለድ አላደረጉትም። በዚያ ዘመን ላይ ሌላ ትልቅ ልብ ወለድ በእርሳቸው ብዕር ቢወጣ ኖሮ እያልኩ ስንት ጊዜ ተቆጭቻለሁ።

ለልብ ወለድ የሚሆን ጉዳይ ደግሞ አለ። በላይ ዘለቀ አምስት ዓመት ጣሊያንን ተዋግቶ፣ ጠላት ከወጣ በኋላ በ1937 ዓ.ም. በገዛ መንግሥቱ ተሰቀለ። አብሮት የተሰቀለው ማሞ ኃይሉ ከጎጃም ገዢ ቤት የተወለደ፣ በጣሊያን ጊዜ ከጠላት ጎን የቆመ ሰው ነው። አርበኛውና ባንዳው በአንድ ቀን፣ በአንድ ፍርድ። ከመሰቀላቸው በፊት በነበረው ሌሊት ምን ተነጋገሩ? የታሪክ ጸሐፊ ይህንን መመለስ አይችልም፤ ልብ ወለድ ጸሐፊ ግን ግዴታው ነው።

ለመጨረሻ ጊዜ አገር ቤት የሄድኩት በ2011 ዓ.ም. ነበር። ባሕር ዳር ላይ ያረፍኩት በራሱ በበላይ ዘለቀ ስም በተሰየመው አውሮፕላን ማረፊያ ነው። ደብረ ማርቆስ ስደርስ መንገድ ዳር ላስቲክ አንጥፎ መጻሕፍት የሚሸጥ አንድ ወጣት አገኘሁ። ስለ በላይ የተጻፈ ልብ ወለድ እንዳለው ጠየቅሁት። «ጋሼ፣ ስለ በላይ ምን መጽሐፍ ያሻል?» አለኝና እዚያው ቆሞ፣ ዓይኑ እየበራ፣ ፉከራውን ከራስ እስከ እግሩ ወረደው። መንገደኛ ቆመ፤ አንዱ ሽማግሌ በዱላቸው መሬቱን መቱ። እኔም ደሜ ፈላ።

ማታ ሆቴሌ ውስጥ ግን ሳስበው አደርኩ። አሁን በምኖርበት አገር ያንን የ1863 ጦርነት ያየ ሰው ቀርቶ፣ ያየውን ያየ ሰው አልቋል። የቀራቸው ወረቀት ብቻ ነው፤ ስለዚህ ወረቀቱን ይዘው ኮረብታ ይወጣሉ። እኛ ዘንድ አፍ ገና አልተዘጋም፤ ስለዚህ ወረቀቱን ነገ ነገ እንላለን። ፉከራ ደግሞ ለራሱ ሥራ የተፈጠረ ነው። የገዳዩን ስም፣ የጠመንጃውን ዓይነት፣ የወደቀውን ሹምባሽ ይይዛል። ቁርበት አንጥፋ ሌሊት የምትፈጨውን ሴት ግን የሚይዝበት ቦታ የለውም፤ ለሁለት ልጆች፣ ለሁለት ጦር የፈጨችውንማ እንዴት ብሎ!

አያቴ ካረፈች ቆይታለች። የቀረችው ታናሽ እህቷ ናት፤ መንኩሳ እማሆይ ተብላለች፤ ዕድሜዋ ከ90 አልፏል። ከጌቲስበርግ በተመለስኩ ሰሞን ለአጎቴ ልጅ ደውዬ ድምፅዋን በስልኩ እንዲቀዳልኝ ለመንኩት። ዛሬም በዚያ አገር ተኩስ አለ፤ መንገድ ይዘጋል፣ ስልክ ይቋረጣል፤ ስለዚህ ቅጂው የደረሰኝ ከብዙ ሳምንት በኋላ ነው። አሥራ አንድ ደቂቃ ነው። ዶሮ ይጮኻል፣ ሰው ያስላል፣ አንድ ቦታ ላይ እማሆይ ዝም ትላለች፤ ዝምታውም አብሮ ተቀድቷል።

ያልሰማሁትን ነገረችኝ። አርበኞቹ አንድ ሌሊት ሃያ ያህል ሆነው መጡ፤ የሚበላ አልነበረም፤ አባታቸው የሚያርስበትን በሬ ጎትቶ አወጣና አረደላቸው። በዚያ ዓመት በአንድ በሬ ከጎረቤት ተቀናጅተው፣ የእርሻቸውን እኩሌታ ብቻ አረሱ። በክረምቱ ታናሿ ሕፃን ሞተች።

የአጎቴ ልጅ በመጨረሻ «እማሆይ፣ ይህንን የሚፈልገው አሜሪካ ያለው ልጅዎ ነው፤ ሊጽፈው ነው» ሲላት ይሰማል። ጥቂት ዝም አለችና «የአርበኞቹን ስም እንደሆነ አላወቅሁትም፣ ጨለማ ነበር» አለች። «በሬውን ግን ቦራ ነበር የምንለው። ቦራ ብሎ ይጻፍ።»