ቶሚዬ በውበቷ ብቻ አይደለም የምታጠምደው

ያነበብኩት አንድ ጽሑፍ የጃፓናዊውን የአስፈሪ ታሪክ ደራሲ የጁንጂ ኢቶን ገጸ ባሕርይ ቶሚዬን «ወንድ የምታፈዝ ጋኔን» ብሎ አለፋት። ማፍዘዟ እውነት ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1987 የጀመረውን ይህን ማንጋ (የጃፓን የሥዕል ታሪክ) አስፈሪ የሚያደርገው ግን አያያዟ ነው። በአንዱ ምዕራፍ ሠዓሊው ሞሪ ላይ የሠራችውን እዩ። መጀመሪያ በሌላ ሞዴል የሣላቸውን ሥዕሎች ታጣጥላለች፣ ቀጥላ የእኔን ውበት በትክክል ሣል ብላ ታስጨንቀዋለች። ሸራው ላይ ጭራቅ ሲወጣ ትዘልፈዋለች። ያኔ ነው ገድሎ የሚቆራርጣት። በሌሎቹ ምዕራፎችም ውዱ የዓሣ እንቁላል ካቪያር ካልመጣልኝ ማለቷ (ምስኪኑ ኪሱ!) ሰውየው ምን ያህል እንደሚታዘዛት መለኪያ ነው።

ትዳር አትፈልግም፣ አምላኪ እንጂ። ጽሑፉ የዘለለው ደግሞ ይህን ነው፦ እያንዳንዱ የሰውነቷ ቁራጭ አድጎ ሌላ ቶሚዬ ይሆናል፣ እርስ በርሳቸውም አይዋደዱም፤ አንዷ ሌላዋን ለማስገደል የሚያመልካትን ወንድ ትጠቀማለች።