በሰባት ደቂቃ የተበላች አገር

ሰሞኑን በስልክ ቪዲዮ ተራኪዎች ዘንድ ተራው የናውሩ፣ የዚያች ትንሽ የፓሲፊክ ውቅያኖስ ደሴት አገር፣ ሆኖ ሰንብቷል። ስልኩን የከፈተ ሁሉ እንደሚያውቀው፣ ድምፁን ከሆዱ የሚያወጣ አንድ ተራኪ የሚያስለቅስ ሙዚቃ አስከትሎ ይመጣና፣ ከስንፍናቸውና ከሆዳምነታቸው የተነሣ አገራቸውን በልተው ስለጨረሱ ሰዎች እየነገረን የአንድን ሕዝብ ታሪክ ከነግብረ ገብ ትምህርቱ በሰባት ደቂቃ አጠናቅቆ ያስረክበናል። በማግሥቱ ሌላው ተራኪ ያንኑ ጽሑፍ፣ ሙዚቃውን ብቻ ለውጦ፣ እንደ አዲስ ያነብልናል። ለእንዲህ ያሉ ባለውለታዎች እስከ ዛሬ በአደባባይ ምስጋና ያቀረበ ሰው አለመኖሩ የሚያሳፍር ስለሆነ፣ ይህ ዓምድ የሁላችንንም ዕዳ ሊከፍል ተነሥቷል።

ከሁሉ አስቀድሞ የሚደነቀው ቁጠባቸው ነው። የውቅያኖስ ደሴት አገሮች በሺህ በሚቆጠር ኪሎ ሜትር የተራራቁ፣ በቋንቋም በመንግሥት አወቃቀርም የተለያዩ ቢሆኑም፣ ተራኪዎቻችን ከሰማይ የተቀረጸ አንድ የማልዲቭስ መዝናኛ ምስል ለኪሪባቲም፣ ለቱቫሉም፣ ለናውሩም ያብቃቃሉ። የናውሩ መካከለኛ ክፍል ከባሕሩ ከፍ ያለ፣ ለማዳበሪያ የሚሆነው የፎስፌት ማዕድኗ ከተዛቀ ወዲህ የሾሉ የኖራ ድንጋይ ዓምዶች ብቻ የቀሩበት ደረቅ ምድር መሆኑ ለዚህ ጥበብ እንቅፋት አይሆንም፤ ተመልካቹ በውኃ ላይ የተደረደሩትን ጎጆዎች አይቶ አንዴ «ገነት!» ካለ በኋላ ማን ካርታ ይጠይቃል?

ልግስናቸው ደግሞ ሙሉ በሙሉ ለአንዲት መኪና የተሰጠ ነው። አንድ የናውሩ ባለሥልጣን ከውጭ አስመጥቷት ከውፍረቱ የተነሣ ሊገባባት ያልቻለው የስፖርት መኪና ከየትኛውም ትረካ ቀርታ አታውቅም። በአንዱ ትረካ ቢጫ ናት፣ በሌላው ቀይ ናት፣ በሦስተኛው ሁለት ሆናለች። ባለሥልጣኑም ከትረካ ወደ ትረካ ኪሎ እየጨመረ፣ እርሷም እየጠበበች ሄዳለች፤ በዚሁ ከቀጠሉ በመጪው ዓመት በሩን በመጋዝ ማስቆረጡ፣ ከዚያም አልፎ ጣሪያው ተነሥቶለት በክሬን መውረዱ አይቀርም። አገሪቱን የሚዞረው ዋና መንገድ 20 ኪሎ ሜትር እንኳ የማይሞላ በመሆኑ፣ መኪናዋ በሙሉ ፍጥነቷ ብትለቀቅ ዞራ የራሷን የኋላ መብራት ልትገጭ እንደምትችል ያሰላ ተራኪ እስካሁን አለመገኘቱ ብቻ ያሳዝነኛል፤ ሐሳቡን በነጻ ሰጥቻለሁ። ከሰባቱ ደቂቃ ሁለቱ የሚያልፉት በዚህችው መኪና ዙሪያ ነው።

መኪናዋ ይህን ያህል ጊዜ ከወሰደች ሌላው መቆረጡ የግድ ነውና፣ ትረካው ሁልጊዜ የሚጀምረው ናውሩ ከበለጸገችበት ከ1970ዎቹ ነው (ዘመናቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ሲድኒ በሚገኝ የአንድ ኩባንያ ቢሮ ውስጥ በር እንዳይዘጋ ማስደገፊያ የነበረ የናውሩ ድንጋይ በ1900 ገደማ ሲመረመር ምርጥ ፎስፌት ሆኖ መገኘቱ አይነሣም። ድንጋዩ ከፍቶ በያዘው በር ግን የገባው ሰው ብዙ ነው። ቁፋሮው በጀርመን ቅኝ አገዛዝ ዘመን ተጀመረ፤ ከአንደኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ደሴቲቱ በመንግሥታት ማኅበር ስም ለአውስትራሊያ፣ ለብሪታኒያና ለኒውዚላንድ ሞግዚትነት በተሰጠች ጊዜም ሦስቱ ሞግዚቶች የማዕድኑን ሥራ በእጃቸው አስገብተው፣ ፎስፌቱን ከዓለም ገበያ ባነሰ ዋጋ ለገዛ ገበሬዎቻቸው አከፋፈሉት። ለባለ መሬቶቹ ከእያንዳንዱ ቶን የሚደርሳቸው ጥቂት ሳንቲም ነበር። በ1968 ነጻ የወጣችው ናውሩ ማዕድኗን ሙሉ በሙሉ የተረከበችው በ1970 ነው። ከዚያ በፊት የነበረውን ከስልሳ ዓመት በላይ የፈጀ ቁፋሮ ዘልሎ ታሪኩን ከዚህ መጀመር፣ እንግዶቹ በልተው ከሄዱ በኋላ ትራፊውን ያነሣውን ሰው ሆዳም ብሎ እንደመፍረድ ያለ ረቂቅ ፍትሕ ነው። ደሴቲቱ ለኑሮ አትመችም ተብሎ ሕዝቡ በአውስትራሊያ ጠረፍ ወዳለችው ከርቲስ ደሴት እንዲዛወር ሐሳብ በቀረበለት ጊዜ፣ አገርነቱን ላለማጣት በ1964 እንቢ ማለቱም ለመኪናዋ ሲባል ተቆርጧል።

ብክነት አልነበረም የሚል የለም። መሪዎቹ ሜልቦርን ላይ ያሠሩት ባለ 52 ፎቅ ሕንፃ ኋላ ተሸጧል፤ በ1993 ለንደን ውስጥ ገንዘብ ያፈሰሱበት የሙዚቃ ትያትርም ብዙ ሳይቆይ ተዘግቷል። ተራኪዎቻችን ትያትሩን አይረሱትም። በዚያው ዓመት የሆነው ሌላው ነገር ግን ይረሳቸዋል፤ ናውሩ ከነጻነት በፊት ስለተቆፈረው መሬቷ አውስትራሊያን በ1989 በዓለም አቀፉ የፍትሕ ፍርድ ቤት ከሳ፣ ተከሳሿ ጉዳዩ ገና ከመነሻው ውድቅ እንዲሆንላት ያቀረበችው መቃወሚያ በአብዛኛው ተቀባይነት ስላጣ፣ አውስትራሊያ ከፍርድ ቤት ውጭ 107 ሚሊዮን የአውስትራሊያ ዶላር ለመክፈል ተስማምታለች። ሰነፍ የተባለው ሕዝብ ቁጥር ያኔ ከአንድ የአዲስ አበባ ቀበሌ ነዋሪ አይበልጥም ነበር።

እዚህ ላይ ሽሙጡን ላስቀምጠው። በ1943 የጃፓን ጦር 1,200 የናውሩ ሰዎችን፣ ማለትም ከሕዝቡ ከግማሽ በላይ የሚሆነውን፣ ትሩክ ወደምትባል ሩቅ ደሴት በግዞት አጋዘ። በጥር 31 ቀን 1946 በሕይወት የተመለሱት 800 እንኳ አይሞሉም፤ የነጻነታቸውንም ቀን ሆን ብለው ያደረጉት ያንኑ ጥር 31 ነው። እነዚህ ሰዎች አንጋም የሚባል በዓል አላቸው፤ በወረርሽኝ ተመናምኖ የነበረው ቁጥራቸው በ1932 ተመልሶ 1,500 በመድረሱ የሚከበር ነው። ሕፃን ተወልዶ ቁጥር ስለሞላ በዓል የሚያከብርን ሕዝብ፣ ለአሥር ሺህ ተመልካች ሲባል የሆዳምነት ተረት ማድረግ ነውር ነው። ድንቁርና ብቻ ቢሆን ይቅር ይባል ነበር፤ ገንዘብ የሚሠራበት ድንቁርና ግን ሌላ ስም አለው።

ወደ ምስጋናው ስመለስ፣ ተራኪዎቻችን ስለ ናውሩ መንግሥት ምንም ባለማለታቸው ከብዙ ድካም አድነውናል። መራጩ ዕጩዎቹን ሁሉ በቅደም ተከተል እንዲያስቀምጥ፣ የመጀመሪያው ሙሉ ድምፅ፣ ሁለተኛው ግማሽ፣ ሦስተኛው ሲሶ እያገኘ እንዲደመር የሚያደርገውን፣ ከ1971 ጀምሮ የሚሠራበትን የምርጫ ስልት ቢነግሩን ኖሮ ክፍልፋይ ማስላት ሊኖርብን ነበር። የሌላዋ የፓሲፊክ ደሴት አገር የቫኑዋቱም ነገር እንዲሁ ነው፤ የፓሲፊክ ደሴቶች የሕግ ተማሪዎች ያነሡትን የአየር ንብረት ጥያቄ ይዛ እስከ ዓለም አቀፉ ፍርድ ቤት ደርሳ፣ በሐምሌ 2025 ዳኞቹ ሁሉ የተስማሙበትን አስተያየት ስታስገኝ፣ እነርሱ ስለ ባለ ዘጠኝ ደሴቷ ቱቫሉ መስመጥ እያለቀሱ ስለነበር ጊዜ አላገኙም። ቱቫሉ በባሕሩ መጨመር ክፉኛ መቸገሯ እውነት ነው፤ ሟቿ ግን በ2024 መጀመሪያ አደባባይ ወጥታ፣ የፖለቲካ ፓርቲ የሚባል ነገር ሳይኖራት፣ 16 የፓርላማ አባላት መርጣለች። ለቀስተኞቹ ድንኳኑን ለማንሣት እስካሁን አልተስማሙም።