«በሕግ አምላክ» ሲሉ ሰምተናል

ወገኖቼ፣ የሰሜን ሸዋ ሰዎች፣ ይህን የምጽፈው ለእናንተ ነው። ለመንግሥት የሚጽፍ ሞልቷል፤ ይጻፍም። እኔ ዛሬ ያዘንኩት በራሳችን ነው።

ደብረ ብርሃን ገበያ ውስጥ የሆነውን ብዙዎቻችሁ አይታችኋል። ያላያችሁትም በስልካችሁ ደርሷችኋል። ዐሥራ አምስት ዓመት የማይሞላው ልጅ «ሌባ!» ተባለ። የማን ስልክ እንደጠፋ እንኳ በቅጡ የጠየቀ የለም። መጀመሪያ አንድ ሰው በጥፊ አጮለው። ሁለት ሆኑ። ከዚያ በኋላ ማን እንደሚመታው መለየት ቀረ። አንድ እግር ጫማው ወልቆ ድንች መደብ ላይ ወደቀ። ድንች ሻጯ አንሥታ ወደ ጎን አደረገችውና ሥራዋን ቀጠለች።

እኔም ቆሜ አየሁ። አልመታሁም። ግን ዝም አልኩ።

ገብስ የሚሸጡ አንዲት እናት ከመደባቸው ተነሡ። ባና ደርበዋል። መስፈሪያ ጣሳቸውን እንደያዙ መሀል ገቡና «በሕግ አምላክ! በሕግ አምላክ፣ ተውት!» አሉ። አንድ ጎልማሳ እጁን አወረደ። ሌላው ወደ ኋላ አለ። የቀሩት «ዞር ይበሉ እማማ፣ ሌባ እኮ ነው» አሏቸው። ዙሪያውን ስልክ ከፍ አድርጎ የሚቀርጸው ሰው ከሃያ አያንስም። ፖሊስ መጥቶ ልጁን እስኪወስደው ድረስ አፉን የከፈተ አንድ ሰው ብቻ ነው። እሳቸው።

ልጁ ሰርቆ ነበር? አላውቅም። ብዙዎቻችሁ ይህን ነው የምትጠይቁኝ፤ ሰርቆ ከሆነ ነገሩ ያለቀ ይመስል። ቢሰርቅስ? የሰረቀ ሰው ከሰውነት ተራ ይወጣል? ኅዳር 29 ቀን 1987 ዓ.ም. የጸደቀው ሕገ መንግሥት አንቀጽ 10 «ሰብዓዊ መብቶችና ነፃነቶች ከሰው ልጅ ተፈጥሮ የሚመነጩ፣ የማይጣሱና የማይገፈፉ ናቸው» ይላል። ከተፈጥሮ የሚመነጩ! ከጨዋነት አላለም። ከመታወቂያ አላለም። ቀበሌ የሰጠንን ቀበሌ ሊቀማን ይችላል። ገበያተኛው የሰጠንን ገበያተኛው ሊነሣን ይችላል። ከሰውነታችን የመጣውን ግን ማን ሊወስደው ይችላል? ይህ ለጻድቁም ለሌባውም እኩል ነው። ፍርድ ይፈረድበት። ይታሰር። ግን በፍርድ።

ይህን ሐሳብ «የፈረንጅ ነው» የሚል አይጠፋም። እስኪ እማማ የጮሁትን ቃል ልብ በሉት። ድሮ ሁለት ሰው መንገድ ላይ ሲደባደብ ሕፃን ልጅ እንኳ «በሕግ አምላክ» ካለ ጦር የያዘው ይቆም ነበር። መንገደኛውን ዳኛ ያደርጉታል፤ ወይም ነጠላ ለነጠላ ተቋጥረው ዳኛ ፊት ይቀርባሉ። ምን ማለት ነው ይህ? ከጉልበተኛው በላይ፣ ከሹሙም በላይ ሕግ አለ ማለት ነው። ያንን ሕግ የመጥራት ሥልጣን ደግሞ ባዶ እጁን ላለው፣ ለደካማውም ተሰጥቷል። ስለ ተፈጥሮ መብት የተጻፈ ብዙ ነገር አንብቤያለሁ። ከዚህች ሁለት ቃል የበለጠ የገባኝ የለም።

ታዲያ ቃሉ እያለን ምን ነካን?

የከተማችንን ስም ታሪክ በልጅነታችን ሰምተናል። ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ በሰማይ ብርሃን አዩ፤ ቤተ ክርስቲያን አሠሩ፤ ቦታውንም ደብረ ብርሃን አሉት። 15ኛው ክፍለ ዘመን አጋማሽ ላይ ነው። ለልጅ የማይነገረው ከብርሃኑ በፊት የሆነው ነው። ደቂቀ እስጢፋኖስ የሚባሉት መነኮሳት «ለሥላሴ ካልሆነ በቀር ለንጉሥ አንሰግድም» በማለታቸው ተሳደዱ፤ በድንጋይም ተወገሩ። ብርሃኑ የታየው ከዚያ በኋላ ነው፤ ንጉሡም የራሳቸው ሥራ በእግዚአብሔር ዘንድ ለመወደዱ ምልክት አድርገው ወሰዱት። የሃይማኖቱን ክርክር ለሊቃውንቱ ልተወው። እኔን እንቅልፍ የሚነሣኝ ድንጋዩ ነው። ንጉሥ ብቻውን ሰው አይወግርም። ድንጋይ የሚያነሣ እጅ ይፈልጋል። ቆሞ የሚያይ ዓይንም ይፈልጋል።

ሌላም አለ። ፍትሐ ነገሥት ወደ ግዕዝ የተመለሰው በእኒሁ ንጉሥ ዘመን ነው ይባላል። መጽሐፉ ሰው ሁሉ በተፈጥሮ ሕግ ነፃ መሆኑን፣ ባሪያ የሚያደርገውም ጦርነትና ጉልበት መሆኑን ይናገራል። ይህን ሊቃውንቱ ሲያነቡ ኖሩ። ከአንኮበር ቁልቁል ዐልዩ አምባ አጠገብ፣ አብዱል ረሱል ገበያ ላይ ግን በ19ኛው ክፍለ ዘመን ሰው እንደ ጨው አሞሌ ይሸጥ ነበር። ወደ ታጁራ በሚወስደው የሲራራ መንገድ ይነዳ ነበር። ለዚያች ለተሸጠችው ልጅ መብት አልነበራትም እንበል? ነበራት። ያልነበረው የሚያከብርላት ሰው ነው። ባርነትን የሚሽር አዋጅ በ1934 ዓ.ም. ወጣ። አዋጁ መብቷን አልፈጠረላትም፤ ዘግይቶ አመነላት እንጂ።

ፈረንጆቹም ቢሆኑ ከዚህ አላመለጡም። ሕይወት፣ ነፃነትና ንብረት የሰው የተፈጥሮ መብቱ ነው ብሎ በ1689 እ.ኤ.አ. ያሳተመው እንግሊዛዊው ፈላስፋ ጆን ሎክ በባሪያ ንግድ ኩባንያ ውስጥ አክሲዮን ነበረው። መብትን በቃል ማወቅና ለሌላው ሰው መብት መቆም ለካ ይህን ያህል ይራራቃሉ።

እኛም ዛሬ ያለነው እዚያው ነው። «መብቴ ነው» ማለቱን ችለንበታል። ታክሲ ውስጥ እንለዋለን፤ ቀበሌ ወረፋ ላይ እንለዋለን። ደስ ይለኛል፣ ይባል። «መብቱ ነው» የሚል ግን ስንቴ ሰማችሁ? «መብቷ ነው» የሚል? በ1948 እ.ኤ.አ. ኢትዮጵያ ድምፅ የሰጠችበት የተባበሩት መንግሥታት የሰብአዊ መብቶች መግለጫ የመጀመሪያው አንቀጹ ላይ ሰው ሁሉ ነፃና እኩል ሆኖ ይወለዳል ካለ በኋላ «የተፈጥሮ ማስተዋልና ሕሊና ስላለው» ይላል። መብትንና ሕሊናን ጎን ለጎን ነው ያስቀመጣቸው። እኛ አንደኛውን አንሥተን ሌላውን ጣልነው።

ሃያ ሰው ከቆመ ሃያ ሕሊና መኖር ነበረበት። እኛ ግን እርስ በርስ ተያየን። እኔ አንተን ጠበቅሁ፣ አንተ እኔን ጠበቅህ። «ጎመን በጤና» አልን። «ዝም አይነቅዝም» አልን። ይነቅዛል እንጂ! ዝም ያለ ሰው ከውስጥ ነው የሚነቅዘው፤ እኔ ከዚያን ቀን ጀምሮ አውቀዋለሁ። ሌላው እንግሊዛዊ ፈላስፋ ጆን ስቱዋርት ሚል በ1859 እ.ኤ.አ. ሕዝብ ራሱ አምባገነን ሊሆን ይችላል ብሎ አስጠንቅቋል። የገበያው ክብ ውስጥ የነበረ ሰው ይህን ለመረዳት ማስረጃ አይፈልግም። ማንም አላዘዘንም። ካድሬ አልነበረም። ሁላችንም ነበርን።

በየቤቱም አለ ይህ ነገር። ከቀያቸው ተፈናቅለው ደብረ ብርሃን ለመጡ ወገኖቻችን ቤት ሲከራይ የሚደረገውን ታውቃላችሁ። ስንት ልጅ እንዳላቸው ሲሰማ ዋጋው ይወጣል። የቤት ሠራተኛ ደመወዟን ስትጠይቅ «ምን ጎደለብሽ?» ትባላለች። ይህ ለብቻው የሚጻፍ ነው፤ ዛሬ አልገባበትም።

የምለምናችሁ ትልቅ ነገር አይደለም። ክብ ስታዩ ግቡ። መሀል መግባት ካቃታችሁ ከዳር ሆናችሁ ጩኹ። «በሕግ አምላክ» በሉ። ከአፋችሁ ሲወጣ ሊያሳፍራችሁ ይችላል፤ የድሮ ሰው ቃል ይመስላል። በሉት። ያን ቀን አንዲት እናት ብቻቸውን ብለውት ሁለት ሰው መምታት አቁሟል። ሁላችንም ብንለው ኖሮ ስንት እጅ ይወርድ ነበር? አባቶች በየቤተ ክርስቲያኑ፣ ሼኾች በየመስጊዱ ይህን ቃል ለልጆች አስተምሩልን። መምህራን፣ ልጆቹ አንቀጽ ቁጥር ከሚሸመድዱ እርስ በርስ ሲጣሉ መሀል መግባትን አለማምዷቸው።

የቀረጻችሁት ደግሞ ራሳችሁን ታውቃላችሁ። ስልካችሁን አውጡ። ልጁ ፊቱን በሁለት እጁ ሸፍኖ የተቀመጠበት አለ አይደል? በቴሌግራም የተላላካችሁት? ለላካችሁለት ሰው ሁሉ ደውሉና «አጥፋው» በሉት። የእናንተንም አጥፉት። ዛሬውኑ።