ለመጨረሻዋ ሌሊት ወዳጆች ምስጋና

የፊልም አድናቂ እንዲህ ነው እንጂ! ሜክሲኳዊቷ ሉፔ ቬሌዝ እ.ኤ.አ. በ1927 ከዝነኛው የሆሊውድ ተዋናይ ከዳግላስ ፌርባንክስ ጋር ከተወነችበት ድምፅ አልባ ፊልም አንሥቶ እስከ ኋለኞቹ ኮሜዲዎቿ ድረስ የለፋችበትን ሥራ ማየት ጊዜ ማባከን መሆኑን ቀድሞ የተረዳ፣ ይልቁንም በዲሴምበር 1944 ቤቨርሊ ሂልስ ውስጥ በ36 ዓመቷ ያረፈችበትን አንድ ሌሊት ብቻ መርጦ በየሰዓቱ እየከፋፈለ የሚያጠና ተመልካች ክብር ይገባዋል።

እውነቱ እንደሆነ ለጥበብ አይመችም ነበር፤ የግል ጸሐፊዋ በጠዋት ስትገባ ያገኘቻት አልጋዋ ላይ ነው። አልጋ! እንዲህ ያለውን ተራ ነገር ለመስማት ማን ጆሮውን ያቆማል? ደግነቱ ፊልም ሠሪውና ደራሲው ኬኔት አንገር ደረሰልን። የሆሊውድን ሐሜት በሰበሰበበት መጽሐፉ ሟቿን ከአልጋዋ አንሥቶ መታጠቢያ ቤት ድረስ አደረሳትና ጭንቅላቷን ሽንት ቤቱ ውስጥ ደፋልን። ማስረጃ የጠየቀ ቢኖር የሰው ደስታ የማይወድ ምቀኛ ነው። እኛ ዘንድ «ሙት ወቃሽ» መባል ያሳፍራል፤ ሙት አንቀሳቃሽ ግን እስካሁን የወጣለት ስድብ የለም።

የኒውዮርኩ ሠዓሊና ፊልም ሠሪ አንዲ ዋርሆልም ሐሜቱ ሜዳ ላይ እንዳይቀር አዝኖ፣ በ1965 መጨረሻ ወጣቷን ኤዲ ሴጅዊክን ሉፔ አድርጎ የሙከራ ፊልም ሠራበት። የፊልሙ ሁለት ጥቅልሎች (ሪሎች) ጎን ለጎን ስለሚታዩ አንድ ሞት የማይበቃው ተመልካች ሁለቱን ዓይኖቹን ለየብቻ ማሰማራት ይችላል። ተዋናይቷ ጸጉሯን ስትስተካከል፣ ማዕድ ላይ ብቻዋን ስትቀመጥ፣ ይህ ነው የሚባል ነገር ሳይሆን ደቂቃው ይነጉዳል፤ በሌላ ፊልም ቢሆን ያንቀላፋ የነበረው ሕዝብ ግን ሽንት ቤቱ እንደማይቀር ስለሚያውቅ አያዛጋም። ትዕግሥት ማለት ይኸው ነው! (የሉፔን ኮሜዲ እስከ መጨረሻው እንዲያይ ብትለምኑት ይህን ትዕግሥት አታገኙበትም።)

ኤዲም የአድናቂዎቿን ፍላጎት አላጓደለችም መባል አለበት፤ በ1971፣ በ28 ዓመቷ፣ እርሷም እንደ ሉፔ በእንቅልፍ መድኃኒት ሞተች። ያን ምሽት የት አመሸች፣ ከማን ጋር ነበረች፣ ምን ለብሳ ነበር የሚለው ጥያቄ ወዲያው ተከተለ፤ ውሎ አድሮም እርሷን ሆና የምትተውን ሌላ ወጣት ተገኘች። ተመልካቹም ወንበሩን አልለቀቀም፤ ይቺኛዋ ስንት ዓመቷ እንደሆነ ብቻ ቀስ ብሎ ይጠይቃል።